ያፋጃል ወይ? የበርበሬና የጨጓራ ክርክር በዘመናት

ውጫሌ ገበያ፣ በርበሬ ተራ ላይ ገዢ ከዋጋ በፊት የሚያነሳት ጥያቄ አንዲት ናት፤ «ያፋጃል ወይ?» ሻጯ ከማዳበሪያው ዛላውን በእፍኟ አንስታ፣ ጆሮው ሥር እያንሿሿች፣ «ወላሂ ያስለቅስሃል ወንድምዓለም!» ትለዋለች። ማስለቀሱ የጥራት ምስክር ነው። ያው ገዢ ከገበያው ሲወጣ ደግሞ መድኃኒት ቤት ጎራ ብሎ «የጨጓራ ሽሮፕ ስጡኝ» ይላል። ሁለቱን በአንድ ፌስታል ይዞ ወደ ቤቱ ሲያዘግም ሳየው በሽታውንና መድኃኒቱን አብሮ የገዛ ይመስለኝ ነበር። አሁን እንዲያ አይመስለኝም። ይህ ዳሰሳ ለምን እንደማይመስለኝ የሚያስረዳ ነው።

ውጫሌ በታሪክ መጽሐፍ የምትታወቀው በሌላ ክርክር ነው። ሚያዝያ 25 ቀን 1881 ዓ.ም. ይስማ ንጉሥ ላይ የተፈረመው ውል አንቀጽ 17 በአማርኛው አንድ፣ በጣሊያንኛው ሌላ ሆኖ ተገኘ፤ ነገሩ የተቋጨውም ዓድዋ ላይ ነው። የበርበሬም ጉዳይ ሁለት ንባብ አለው። ሕዝቡ «ጨጓራን የሚልጠው በርበሬ ነው» ይላል። ባለፉት አርባ ዓመታት የተጻፈው የሕክምና ጽሑፍ ግን በአመዛኙ እንዲህ አይልም። ጽሑፉን ሳገላብጥ የገባኝ፣ ስንከስ የኖርነው ማቃጠሉን ሲሆን፣ አብዝቶ የሚጎዳን ግን ከማቃጠሉ ጀርባ ተደብቆ የሚገባው ሌላ ነገር መሆኑ ነው። (ከዚህ በኋላ «ዓ.ም.» ካላልኩ በቀር ዓመታቱ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

መጀመሪያ የአንድ እንግዳ ነገር ታሪክ ላንሳ። የጥንት የአባቶቻችን ቅመም የሚመስለን ቀይ በርበሬ ለዚህ አገር መጤ ነው። ትውልዱ አሜሪካ ስለሆነ ኮሎምበስ በ1492 ከመሻገሩ በፊት እዚህ ሊኖር አይችልም። ቁንዶ በርበሬና ጥምዝ ቀድመውት ነበሩ፤ እነሱ ግን በዘር የሌላ ቤተሰብ ናቸው። እንግዲህ በ13ኛው ክፍለ ዘመን ከውጫሌ በስተደቡብ፣ ሐይቅ እስጢፋኖስ ላይ ያስተማሩት አባ ኢየሱስ ሞዓ የበርበሬ ወጥ ቀምሰው አያውቁም ማለት ነው። በ16ኛው ክፍለ ዘመን ገደማ በፖርቱጋሎችና በሕንድ ውቅያኖስ ነጋዴዎች በኩል እንደገባ ይገመታል። በ1769 ወደ አገራችን የዘለቀው ስኮትላንዳዊ ጄምስ ብሩስ በጻፈው መጽሐፍ ግን ነገሩ ባህል ሆኖ ይታያል። ጥሬ ሥጋ ከቁንዶ ወይም ከቀይ በርበሬና ከአሞሌ ጨው ጋር በጤፍ እንጀራ ተጠቅልሎ ሲጎረስ ማየቱን ይተርካል። ከሁለት መቶ ሃምሳ ዓመት በኋላም ሥጋ ቤት በራፍ ላይ የምናየው ያንኑ ነው። አንድ ነገር በቅንፍ ልበል፤ ሚጥማጣ የኮሶን እጭ ይገድላል የሚለው ወሬ ውሸት ነው። እጩን የሚገድለው እሳት ነው።

መጤው ቤተኛ ሆኖ ቀረ። በግብርና ምርምር ጽሑፎች ደጋግሞ የሚጠቀሰው ግምት አንድ አዋቂ ኢትዮጵያዊ በቀን 15 ግራም ያህል በርበሬ ይበላል የሚል ነው። ማረቆ፣ አላባ፣ ቡሬ እና ወምበርማ ስማቸው ከዛላው ጋር የተሳሰረ ነው። ወሎ ላይ ደግሞ ከበርበሬው ጎን ቃሪያው አለ። ሽንኩርትና ቲማቲም ተሞልቶ የሚቀርበው ስንግ በጾም ገበታም በረመዳን ማፍጠሪያም ላይ አይጠፋም።

የሳይንሱ ዘመን የተጀመረው በስኳር ውኃ ነው። በ1912 አሜሪካዊው የመድኃኒት ቀማሚ ዊልበር ስኮቪል የቃሪያ ጭማቂን በስኳር ውኃ እያቀጠነ ለቀማሾች ሰጠ። ማቃጠሉ እስኪጠፋ ስንት ጊዜ እንደሚቀጥን ቆጥሮ መለኪያ አወጣ። ዛሬ ሥራው በመሣሪያ ይሠራል፤ ስሙ ግን እንደቀረ ነው። የሚያቃጥለው ንጥረ ነገር ካፕሳይሲን ይባላል። በብዛት የሚገኘው ሁላችንም እንደምናምነው በፍሬው ሳይሆን ፍሬው በተጣበቀበት ነጭ ገለፈት ላይ ነው። ስለዚህ ቃሪያን ለማብረድ ፍሬውን ብቻ አራግፎ ገለፈቱን የሚተው ሰው ግማሽ ሥራ ሠርቷል።

ጥቅሙ መጀመሪያ የታየው ሀንጋሪ ውስጥ ነው። በ1930ዎቹ መጀመሪያ አልበርት ሴንት ጆርጂ ሴጌድ በተባለች ከተማ ቫይታሚን ሲን በብዛት የሚያወጣበት ነገር አጥቶ ሲቸገር መፍትሔው በከተማዋ ገበያ የተከመረው ቀይ በርበሬ ሆኖ ተገኘ። በ1937 ኖቤል ተሸለመ። መቶ ግራም ጥሬ የሚያቃጥል ቃሪያ 240 ሚሊግራም ያህል ቫይታሚን ሲ ይይዛል፤ ብርቱካን ከ50 ብዙም አይርቅም። እርግጥ መቶ ግራም ቃሪያ በአንድ ማዕድ የሚጨርስ ጀግና አላየሁም። ደግሞም ቫይታሚኑ የጥሬው ሀብት ነው። በፀሐይ ተሰጥቶ፣ ታምሶ፣ ተፈጭቶ፣ ሽንኩርት ላይ ለሰዓት የተቁላላው በርበሬ ብዙውን መንገድ ላይ ጥሎት ይመጣል። በጤና ዓይን ካየነው ስንጉ ከቀይ ወጡ ይበልጣል። ይህን ስል ቀይ ወጥ የሚወዱ ወዳጆቼ እንደሚቀየሙኝ አውቃለሁ።

በ1997 አሜሪካ ውስጥ ዴቪድ ጁሊየስና ባልደረቦቹ ካፕሳይሲን የሚያርፍበትን የነርቭ በር አገኙ። በሩ ለበርበሬ ብቻ የተሠራ አልነበረም። ከ43 ዲግሪ ሴልሺየስ በላይ ሙቀት ሲነካውም ይከፈታል። አንጎል በርበሬውን ከእሳት አይለይም፤ ሁለቱም በአንድ በር ገብተው አንድ ወሬ ያወራሉ። ለዚህ ግኝት ጁሊየስ በ2021 ኖቤል ተሸለመ። እኔን ያስገረመኝ ግን ቋንቋችን ነው። እሳትም «ፈጀኝ»፣ በርበሬም «ፈጀኝ» እንላለን፤ ለሁለቱም ያለን ግሥ አንድ ነው። ወፎች ይህ በር ለካፕሳይሲን ስለማይከፈትላቸው ሚጥማጣውን እንደ ጥራጥሬ ለቅመው ይሄዳሉ።

ከዚህ የሚከተለው ነገር ለክርክራችን ወሳኝ ነው። በርበሬ «ተቃጠልክ» የሚል ወሬ ያወራል እንጂ በተለመደው መጠን ሥጋን አያቃጥልም። እሳት ግን ወሬውንም ያወራል፣ ያቃጥላልም። የዓለም ጤና ድርጅት የካንሰር ምርምር ተቋም በ2016 ከ65 ዲግሪ በላይ ትኩስ የሆነ መጠጥን «ካንሰር የማምጣት ዕድሉ ሰፊ ነው» ከሚላቸው ተራ ሲመድብ በአእምሮው የያዘው የምግብ ቧንቧ ካንሰርን ነው። ፍንጃሉ ላይ እንፋሎቱ ሳይበርድ ቡናውን ፉት የሚል፣ ግን «በርበሬ አልበላም፣ ጨጓራዬን እፈራለሁ» የሚል ዘመድ አለኝ። ፍርሃቱን ቢለዋውጠው ይሻለው ነበር።

ወደ ጨጓራ እንምጣ። የሕክምናው ዓለም ራሱ ለረጅም ዘመን የጨጓራ ቁስል የጭንቀት፣ የአሲድና የቅመም ውጤት ነው ብሎ ያምን ነበር። በ1982 አውስትራሊያ ውስጥ ባሪ ማርሻልና ሮቢን ዋረን ከጨጓራ ግድግዳ ላይ ጠመዝማዛ ባክቴሪያ አሳደጉ። የሚሰማቸው ሲጠፋ ማርሻል ባክቴሪያውን በብርጭቆ ጠጥቶ ራሱን አሳመመ። በ2005 ኖቤሉን ወሰዱ። ዛሬ በየጤና ጣቢያው «ኤች ፓይሎሪ» ሲባል የምንሰማው ይኸው ነው። በ1988 ደግሞ አሜሪካ ውስጥ የዴቪድ ግራሃም ቡድን ለበጎ ፈቃደኞች ቅመም የበዛበት ምግብ አብልቶ በካሜራ ጨጓራቸውን አየ፤ የተፈጨ ቃሪያም በቀጥታ ጨጓራ ውስጥ ጨመረ። የሚታይ ጉዳት አላገኘም። ያደማው አስፕሪን ነበር።

በኢትዮጵያስ? በ2019 የታተመ የጥናቶች ድምር ትንተና ከሕዝባችን 52 በመቶ ያህሉ ኤች ፓይሎሪን ተሸክሞ እንደሚኖር አሳይቷል። በ1990ዎቹ የተሠሩት ጥናቶች 64 በመቶ አካባቢ ነበሩ፤ የኋለኞቹ ወደ 43 ወርደዋል። በርበሬ መብላታችንን ሳንቀንስ ባክቴሪያው እየቀነሰ ነው ማለት ነው። ውኃውና መጸዳጃው ሲሻሻል እሱ ይቀንሳል። «ጨጓራ አለብኝ» ብሎ ለአሥር ዓመት አልጫ ሲበላ የኖረ፣ ምርመራ ያላደረገ ሰው ባክቴሪያውን ለአሥር ዓመት ቀለበ እንጂ አልታከመም።

በርበሬ ንጹሕ ነው እያልኩ ግን አይደለም። ቃር ያለበት ሰው ማታ ቀይ ወጥ በልቶ ሲተኛ ደረቱ የሚቃጠለው እውነት ነው። አንጀቱ በቀላሉ የሚቆጣ ሰው ቁርጠቱና ተቅማጡ ይብስበታል። የፊንጢጣ መሰንጠቅ ያለበት ሰው ላይ ሕመሙን እንደሚያባብስ ተፈትኖ ታይቷል፤ ኪንታሮት ላይ ግን በ2006 ጣሊያን ውስጥ የተደረገ ሙከራ ልዩነት አላገኘም። ይህን ሳነብ «ኪንታሮት አለብኝና በርበሬ አልነካም» ሲሉ የኖሩት ብዙዎች ትዝ አሉኝ። ከሁሉ የከበደው ክስ የመጣው ከሜክሲኮ ነው። በ1994 የታተመ ጥናት የጨጓራ ካንሰር የያዛቸውን ከጤነኞች ጋር አነጻጽሮ ቃሪያ በላተኞቹ ላይ ከአምስት እጥፍ በላይ አደጋ አየ። ነገር ግን ታማሚውን «ድሮ ስንት ትበላ ነበር?» ብሎ መጠየቅ የታወቀ ድክመት አለበት፤ የታመመ ሰው ወደ ኋላ ዞሮ ምክንያት ይፈልጋል። ቢሆንም ክሱ ተዘግቷል ማለት አይቻልም።

ከ2015 ወዲህ ነፋሱ ወደ ሌላ አቅጣጫ ዞረ። ቻይና ውስጥ ግማሽ ሚሊዮን ለሚጠጉ ሰዎች ለሰባት ዓመት ያህል በተደረገ ክትትል፣ በሳምንት ስድስትና ሰባት ቀን የሚያቃጥል ምግብ የሚበሉት ከሳምንት አንዴ በታች ከሚበሉት ይልቅ የመሞት ዕድላቸው በ14 በመቶ ያነሰ ሆነ። በ2017 አሜሪካ ላይ በ16,000 ሰዎች መረጃ 13 በመቶ፤ በ2019 ጣሊያን ላይ በ22,811 ሰዎች 23 በመቶ ተባለ። ጋዜጦች ወዲያው «በርበሬ ዕድሜ ያረዝማል» ብለው ጻፉ፤ የእኛም አገር ማኅበራዊ ሚዲያ ተቀባበለው። ቁጥሮቹ እውነት ናቸው፣ ርዕሱ ግን ቸኩሏል። ጥናቶቹ በላተኛውን ተከታተሉት እንጂ ማንንም በርበሬ አላበሉም። በርበሬ የሚወድ ሰው ሌላ ምን እንደሚበላ፣ ጨው ይቀንስ አይቀንስ፣ ምን ሥራ እንደሚሠራ ከውጤቱ ለመለየት አስቸጋሪ ነው። በዚያው በ2019 ደግሞ ዕድሜያቸው ከ55 በላይ የሆኑ ቻይናውያን ላይ የተደረገ ሌላ ጥናት በቀን ከ50 ግራም በላይ ቃሪያ የሚበሉት የማስታወስ ችሎታቸው ፈጥኖ ሲደክም አይቷል። የእኔ ፍርድ? በርበሬ መድኃኒት አይደለም፤ ቀስ ብሎ የሚገድል መርዝም አይደለም። ከቻይናው ጥናት ልብ ያልኩት ግን የጥሬው ቃሪያ በላተኞች ላይ ውጤቱ ጎላ ብሎ መታየቱን ነው። ስንጉ እንደገና ረታ።

መጠኑ ከምግብነት ሲያልፍ ግን ነገሩ ይለወጣል። ሚጥማጣን የመሳሰሉት ጥቃቅን ቃሪያዎች በስኮቪል መለኪያ ከ50,000 እስከ 100,000 ይደርሳሉ። በ2013 የዓለም ክብረ ወሰን የያዘው ካሮላይና ሪፐር 1.5 ሚሊዮንን አለፈ፤ በ2023 የተካው ፔፐር ኤክስ 2.69 ሚሊዮን ነው። እነዚህ ለወጥ የተዳቀሉ አይደሉም፣ ለውድድር ናቸው። በ2018 ካሮላይና ሪፐርን በውድድር የበላ የ34 ዓመት ሰው የአንጎሉ ደም ሥሮች ጠብበው በድንገተኛ ራስ ምታት ሆስፒታል መግባቱ በሕክምና መጽሔት ተመዝግቧል። መስከረም 2023 ማሳቹሴትስ ውስጥ አንድ የ14 ዓመት ልጅ «አንድ ቺፕስ» የሚባለውን ፈተና ሞክሮ ሞተ። የአስከሬን ምርመራው ከፍተኛ የካፕሳይሲን መጠንን ከልብ መተለቅ ጋር ጠቅሶታል፤ ልጁም ቤተሰቡም ልቡ ከተፈጥሮው ችግር እንደነበረበት አያውቁም ነበር። ሰኔ 2024 ዴንማርክ የኮሪያውን «ቡልዳክ» ኑድል ካፕሳይሲኑ ከመጠን አልፏል ብላ ከገበያ አነሳች፤ በኋላ ከፊሉን መለሰች። ቪዲዮ እየቀረጹ የሚያቃጥል መብላት ለልጆቻችንም ሩቅ አይደለም። «እኛ እኮ በሚጥማጣ ያደግን ነን» የሚለው ኩራት ለ2 ሚሊዮን ስኮቪል አይሠራም።

አንድ ቤተኛ የሆነ ጥፋት ግን ከኮሪያ ሳይሆን ከእኛው ጓዳ ነው። ያጠፋን ልጅ በበርበሬ ጭስ ማጠን። ብዙ ጎልማሳ በሳቅ ያወራዋል፤ የሚያስቅ ነገር የለውም። በአፍ የገባ ካፕሳይሲን ያስለቅሳል፣ ወደ ሳንባ የገባው ግን የትንፋሽ ቧንቧን ይቆልፋል፤ አስም ላለበት ልጅ ሞት ሊሆን ይችላል። ያው አደጋ ቀኑን ሙሉ ወፍጮ ቤት ደጃፍ ለሚያስሉት ሠራተኞችም፣ በርበሬ ቀንጥሰው ለሚኖሩት ሴቶችም አለ። የቀንጣሽ እጅ ሌሊቱን ሲነድ ያድራል። የአሜሪካ ሐኪሞች በ1981 ይህንኑ ሕመም በቻይና ክፍለ ሀገር ስም «የሁናን እጅ» ብለው መዘገቡት፤ የእኛ ሴቶች ከዚያ በፊት ያውቁት ነበር። ካፕሳይሲን በውኃ አይሟሟም፣ በቅባት ይሟሟል። እጅን በዘይት አሽቶ ከዚያ በሳሙና መታጠብ ይጠቅማል። ለተቃጠለ አፍም ከውኃ ወተት ወይም እርጎ ይሻላል፤ በጾም ቀን ደረቅ እንጀራ ማላመጥ ነው። ይኸው ማቃጠል በሐኪም እጅ ሲገባ ደግሞ ማደንዘዣ ይሆናል። 8 በመቶ ካፕሳይሲን ያለው ልጥፍ በ2009 አሜሪካ ውስጥ አልማዝ ባለጭራ ትቶት ለሚሄደው የነርቭ ሕመም ተፈቅዷል። ነርቩ ወሬ ሲበዛበት ዝም ይላል።

አሁን ወደ ዋናው ነገር። በ1960 እንግሊዝ አገር መቶ ሺህ ያህል የቱርክ ዶሮዎች በአንድ ወቅት አለቁ። መኗቸው ውስጥ የነበረ ሻጋታ አፍላቶክሲን የተባለ መርዝ ማመንጨቱ በኋላ ታወቀ። የጉበት ካንሰር እንደሚያመጣ ዛሬ ክርክር የለበትም፤ የጉበት ቫይረስ ያለበት ሰው ላይ ደግሞ አደጋው ይጎላል። በ1996 ሀብታሙ ፉፋና ቀልቤሳ ኡርጋ የተባሉ ተመራማሪዎች ከአዲስ አበባ የሰበሰቡትን 60 የተፈጨ በርበሬና 60 ሽሮ መረመሩ። ከበርበሬው በ8ቱ፣ ከሽሮው በ5ቱ አፍላቶክሲን ተገኘ። በበርበሬው የተገኘው መጠን በኪሎ ከ250 እስከ 525 ማይክሮግራም ነበር። የአውሮፓ ኅብረት ለቅመም የሚፈቅደው ጠቅላላ 10 ነው። ጽሑፉ ከወጣ ሠላሳ ዓመት ገደማ ሆኖታል፤ በገበያ ግን ዛሬም «ያፋጃል ወይ?» እንጂ «ሻግቷል ወይ?» የሚል ገዢ አይሰማም። አውሮፓውያኑ ግን ጠየቁ፤ በ2019 ያወጡት ደንብ የኢትዮጵያን ቅመም ለአፍላቶክሲን ልዩ ቁጥጥር ከሚደረግባቸው ዝርዝር ውስጥ አስገብቶታል።

ሻጋታው ከየት ይመጣል? ዛላው ሳይደርቅ ከመሬት ላይ ሲሰጣ፣ ዝናብ ሲያገኘው፣ በእርጥብ ግድግዳ ተደግፎ ሲከመር። ከዚያም ክብደት እንዲያነሳና እንዳይሰባበር ተብሎ ውኃ ሲረጭበት። ያቺ አንድ ጣሳ ውኃ ለነጋዴው ኪሎ ትጨምራለች፣ ለበላተኛው ጉበት መርዝ ታበቅላለች። ማመስ ያጠፋዋል የሚል እምነት አለ፤ አያጠፋውም። መርዙ ከምጣዳችን ሙቀት በላይ ይቋቋማል።

ሌላው የመደባለቅ ነገር ነው። በ2003 ፈረንሳይ ከሕንድ በገባ የቃሪያ ዱቄት ውስጥ ሱዳን አንድ የተባለ ማቅለሚያ አገኘች፤ ስሙ የአገር ይምሰል እንጂ ለሰምና ለጫማ ቀለም የሚውል ነው። በ2005 እንግሊዝ በዚሁ ምክንያት ከ400 በላይ የምግብ ዓይነቶችን ከመደርደሪያ አወረደች። የእኛው ደግሞ ረከስ ያለ ዘዴ ነው፤ የተፈጨ ሸክላ። በርበሬ በተወደደ ቁጥር የተያዘ «ቀይ ዱቄት» ዜና ይመጣል። የምግብና መድኃኒት አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1112/2011 (ዓ.ም.) ባዕድ ነገር መቀላቀልን ወንጀል ያደርጋል። ነገር ግን ከማዳበሪያ በሲኒ እየተሰፈረ የሚሸጥ ዱቄት መለያም አድራሻም የለውም፤ ማን ይጠየቃል? ሸክላ ደግሞ አያፋጅም። ስለዚህ ሻጩ ማቃጠሉን ለመመለስ ጥቂት ሚጥማጣ ጣል ያደርግበታል። «ያፋጃል ወይ?» ላለው ገዢ መልሱ «አዎ» ይሆናል፤ ጥያቄው ራሱ ተሸውዷል ማለት ነው።

የድሮ እናቶች ዛላውን ገዝተው፣ ቀንጥሰው፣ ከነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብሉ ጋር ደልዘው፣ አስጥተው፣ ወፍጮ ቤት ራሳቸው ቆመው ሲያስፈጩ እንደ ወግ አጥባቂነት ይታይ ነበር። ለካ የጥራት ቁጥጥር ነበር። ዛሬ በከተማ ለዚህ ሁሉ ጊዜ ያለው ጥቂት ነው፤ የተዘጋጀ መግዛታችን አይቀርም። እንግዲያው ቢያንስ አምራቹና ቀኑ የተጻፈበትን ይምረጡ። ዛላ የሚገዙ ከሆነ ደግሞ ውጫሌም ይሁን መርካቶ፣ ማፋጀቱን ከመጠየቅዎ በፊት ከማዳበሪያው ሥር አንዱን አውጥተው በጥፍርዎ ሰንጥቀው ውስጡን ይዩት፤ ግራጫ ወይም ጥቁር ዱቄት ካለበት፣ እርጥበት ከነካው ወይም ከሸተተዎ አይግዙት። ጨጓራዎን የሚያምዎ ከሆነም ቀይ ወጡን ከማቆምዎ በፊት ኤች ፓይሎሪን ይመርመሩ።